በፎይል የተጠቀለለ ጉርሻ

ወንድሜ አዲስ ነገር ሲያይ አያስችለውም። ሌክ ሲቲ የሚባል ሰፈር በነበረችን ሁለት ክፍል አፓርታማ ውስጥ ከሶፋ በፊት ኮምፒውተር የገባው በእሱ ምክንያት ነው። እሱ፣ እኔና አክስታችን ለሁለት ወር ያህል ምንጣፍ ላይ ተቀምጠን እራት ስንበላ ኮምፒውተሩ ግን የራሱ ጠረጴዛና የራሱ ወንበር ነበረው። ኢንተርኔት የሚሠራው በቤቱ የስልክ መስመር ስለነበር፣ ወንድሜ ማሽኑን ከከፈተ እኛ ጋ መደወል የሚችል ሰው የለም። አክስቴን ከቤተ ክርስቲያን የሚያውቋቸው ሴቶች «ስልካችሁ ሁልጊዜ የተያዘ ነው፤ ከማን ጋር ነው ይህን ያህል የምታወሩት?» እያሉ ይጠይቋቸው ነበር።

ዘጠናዎቹ ሊያልቁ ትንሽ የቀራቸው ጊዜ ነው። ወንድሜ ከከተማው ሐይቅ ማዶ ባለ መሥሪያ ቤት በኮንትራት ሶፍትዌር ይፈትሻል። እኔ ቼሪ መንገድ ላይ ባለ የሐበሻ ምግብ ቤት አስተናግዳለሁ። አክስታችን ከአዲስ አበባ ከመጡ ገና ዓመት አልሞላቸውም። ጡረታ እስኪወጡ ድረስ የአንድ ትምህርት ቤት ገንዘብ ያዥ ስለነበሩ፣ የገንዘብ ነገር ሲነሳ መነጽራቸውን አድርገው ነው የሚያዳምጡት።

አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ወንድሜ ከኮምፒውተሩ ዞር ብሎ «ባንክሽን ዝጊው» አለኝ።

ባንኬ ከቤታችን ሁለት ብሎክ ርቆ የመንገዱ ጥግ ላይ ያለ ትንሽ ቅርንጫፍ ነበር። መስኮቱ ላይ የምትቀመጠው ሴት ስሜን አስተካክለው ከሚጠሩ ጥቂት ፈረንጆች አንዷ ስለነበረች ደስ ትለኛለች።

«ምን አደረገኝ?» አልኩት።

«በየወሩ ሰባት ዶላር ይቆርጥብሻል። ይኼኛው ሰርቪስ ቻርጅ የለውም። ወለዱም ይበልጣል። ሁሉንም ነገር በኢንተርኔት ነው የምትጨርሺው።»

«የት ነው ያለው?»

«የትም። ኦንላይን ብቻ ነው። ሶ፣ ለሕንፃ አይከፍልም፣ መስኮት ላይ ለሚቀመጥ ሰው አይከፍልም። የተረፈውን ለእኛ ይሰጠናል።»

አክስቴ ሽንኩርት መክተፋቸውን አቆሙ። «አንተ፣ አድራሻ የሌለው ሰው መንገድ ላይ አግኝቶህ ገንዘብህን ላስቀምጥልህ ቢልህ ትሰጠዋለህ?»

«እትዬ፣ የመንግሥት ዋስትና አለው እኮ።»

«ሰውየው?»

«ባንኩ።»

«መንግሥትስ ሲፈልገው የት ያገኘዋል?»

ወንድሜ እሳቸውን ትቶ ወደ እኔ ዞረ። እኔ ከእሳቸው እቀልላለሁ። ከሳምንት በኋላ የጥጉን ባንክ ዘግቼ ቤት የሌለው ባንክ ደንበኛ ሆንኩ።

እውነቱን ለመናገር መጀመሪያ ላይ ነገሩ ጥሩ ነበር። ካርዱ በፖስታ መጣ። ቴምብር የማይፈልጉ፣ አድራሻቸው የታተመባቸው ፖስታዎችም አብረው መጡ። የምግብ ቤቱን የደመወዝ ቼክ ጀርባውን ፈርሜ እልካለሁ፤ ከአምስት ስድስት ቀን በኋላ ስክሪኑ ላይ ይታያል። ወንድሜ ያንን ገጽ ሲከፍትልኝ ምግብ ሠርቶ እንደሚያቀርብ ሰው ፊቴን ያየው ነበር። አክስቴም አንድ ቀን ጠጋ ብለው ቁጥሮቹን ካነበቡ በኋላ «ድምሩ ልክ ነው» አሉ። ከእሳቸው አፍ ይህ ትልቅ ምስጋና ነው።

ችግሩ የመጣው ከጉርሻው ነው። ደንበኞች ጠረጴዛ ላይ ትተውልኝ የሚሄዱት ገንዘብ ካሽ ነው፤ ባለ አንድ፣ ባለ አምስት፣ አንዳንዴ ሥጋ ወጥ የነካው። በፊት ሰኞ ሰኞ ወስጄ የጥጉ ባንክ መስኮት ላይ ላለችው ሴት እሰጥ ነበር። አሁን ብስኩት ቆርቆሮ ውስጥ መጠራቀም ጀመረ። የነርስ ረዳትነት ኮርስ ልመዘገብ ስለነበር አንድ ቀን ቆርቆሮውን ገልብጬ ቆጠርኩት፤ አራት መቶ አሥራ ሁለት ዶላር ሆነ። ኮሌጁ ክፍያውን በቼክ ልኬ ወይም መስኮቱ ድረስ ሄጄ እንድከፍል ሦስት ሳምንት ሰጥቶኛል። ቼክ ለመጻፍ ደግሞ ገንዘቡ መጀመሪያ ባንክ መግባት አለበት።

«ካሽ እንዴት ነው የሚገባው?» አልኩት ወንድሜን።

«ቀላል ነው» አለና ኮምፒውተሩን ከፈተ። አነበበ። ሌላ ገጽ ከፈተ፤ አነበበ። ወንበሩን ወደ ፊት ሳበ። ወንድሜ ዝም ሲል ነገሩ ቀላል አይደለም ማለት ነው።

«ኤቲኤም እንሞክራለን» አለ በመጨረሻ።

ሰፈራችን ካለው ግሮሰሪ በር ላይ የቆመው ማሽን ጋ ሄድን። ካርዴን አስገባ፣ የምስጢር ቁጥሬን ነካ፣ ከዚያ ማስገቢያ ቀዳዳ ፍለጋ ማሽኑን በሁለት እጁ ዳሰሰው። ጎኑን አየ። ጎንበስ ብሎ ከሥሩም አየ። ከኋላችን ወተት ይዘው የቆሙ ሽማግሌ ቀስ ብለው «ልጄ፣ እሱ መስጠት እንጂ መቀበል አያውቅም» አሉት በእንግሊዝኛ። ወንድሜ አመሰገናቸውና ካርዴን መለሰልኝ። ወደ ቤት ስንመለስ እኔም በቸርነቴ ነገሩን አላነሳሁበትም።

በማግስቱ ባንኩ ጋ ኮል አደረገ። ካሽ እንደማይቀበሉ፣ ፖስታ ቤት ሄዶ መኒ ኦርደር የሚባለውን፣ እንደ ቼክ የሚላክ ወረቀት መግዛትና እሱን መላክ እንደሚቻል ነገሩት። አክስቴ ይህን ሲሰሙ «ቤት የሌለው ባንክ ቤት ያለው ፖስታ ቤት ካልረዳው አይሠራም ማለት ነው» አሉ። ወንድሜ እጁን ዘረጋልኝ። «ስጪኝ፣ ነገ ጠዋት ወደ ሥራ ስሄድ ገዝቼ እልከዋለሁ» አለኝ። ሰጠሁት።

አንድ ሳምንት አለፈ። ስክሪኑ ላይ ያለው ቁጥር አልተነቃነቀም።

«ልከኸዋል አይደል?» እለዋለሁ።

«ልኬዋለሁ።»

«ታዲያ ለምን ዘገየ?»

«ፖስታ ነዋ። ያውቁበታል፤ ይደርሳል።»

ሌላ ሳምንት ሊያልቅ ሆነ። ወንድሜ ምሽት ምሽት ከወንበሩ የማይነሳ ሆነ፤ ያችን አንድ ገጽ ይከፍታል፣ ይዘጋል፣ እንደገና ይከፍታል። ስልኩ እንደተያዘ ያመሻል።

ቅዳሜ ረፋድ ላይ አክስቴ ለቤተ ክርስቲያን የጋገሩትን ድፎ ዳቦ ሊጠቀልሉ ፎይል ፈለጉ። መሳቢያ ከፈቱ፣ ቁም ሳጥን ከፈቱ፤ ባዶውን ካርቶን አገኙት። «ባለፈው ወር የተገዛው ፎይል የት ገባ?» ብለው ጠየቁ። እኔ አላየሁም አልኩ። ወንድሜ ስክሪኑን እያየ «ትንሽ ነበር የቀረው፤ እኔ ጨረስኩት» አለ።

«ለምን?»

አክስቴ ድሮ ሒሳባቸው የጎደለባቸውን መምህራን እንዴት ይመለከቷቸው እንደነበር ያን ዕለት ገባኝ። ካርቶኑን በእጃቸው እንደያዙ አጠገቡ ሄደው ቆሙ። ወንድሜ ወንበሩን አዞረ።

«ፖስታ ቤቱ ሰልፉ እስከ በሩ ድረስ ነበር» አለኝ። «ባሱ ሊያመልጠኝ ሆነ። የባንኩ ፖስታ ኪሴ ውስጥ አለ። ሶ…»

«ሶ ምን?»

«ካሹን ራሱን ላክሁት። የአካውንት ቁጥርሽን ጽፌበታለሁ።»

«ፎይሉስ?» አሉ አክስቴ።

«ብርሃን ላይ ቢያደርጉት እንዳይታይ ብዬ ነው። የፖስታ ሰዎች እንዳይጠረጥሩ። ሌሊቱን ጠቅልዬው ነበር፣ ምናልባት መኒ ኦርደሩ ካልሆነ ብዬ።»

«ደረሰኝ ተቀበልክ?»

«እትዬ፣ የመንገድ ፖስታ ሣጥን ውስጥ ነው የከተትኩት።»

አክስቴ ወንበር ስበው ተቀመጡ። «ሃያ ሁለት ዓመት ገንዘብ ስይዝ» አሉ ቀስ ብለው፣ «የሰረቀም አይቻለሁ፣ ያጎደለም አይቻለሁ። እንደ ዓሣ ጠቅልሎ የላከ ግን አላየሁም።»

ሌላ ጊዜ ቢሆን እስቅ ነበር። ያን ቀን ካፖርቴን ለብሼ ወጣሁ። እነዚያ አንዳንድ ዶላሮች እያንዳንዳቸው ከየትኛው ጠረጴዛ እንደመጡ የማውቃቸው መሰለኝ። ሰልፍ ሰልችቶት፣ አሥር ደቂቃ መቆም አቅቶት የሦስት ወር ድካሜን ሣጥን ውስጥ ጨመረው እያልኩ ዝናብ ውስጥ ዞርኩ። ስመለስ ወንድሜ ኮምፒውተሩን አጥፍቶ ጥግ ላይ ተቀምጧል። ያ ማሽን በቀን ጠፍቶ ሳይ የመጀመሪያዬ ነው። እሑድ ሙሉ ሳንነጋገር ዋልን።

ማክሰኞ ጠዋት ወንድሜ ሥራ ሄዷል፤ እኔ ከሰዓት ነበር የምገባው። ስልኩ ሲጮህ አክስቴ አነሱትና «ኖ፣ ታንክ ዩ» ብለው ዘጉት።

«ማን ነው እትዬ?»

«ያቺ የምትሸጠው ሴትዮ ናት። ሰሞኑን ሦስት ጊዜ ደወለች፤ ሦስቴም አመስግኜ ዘጋሁባት። አሁን አራተኛዋ ነው።»

«ምንድን ነው የምትሸጠው?»

«እኔ ምን አውቃለሁ፤ ባንክ ባንክ ትላለች።»

ስልኩ አጠገብ ቆሜ ጠበቅሁ። እግዜር ይስጣት፣ አምስተኛ ጊዜ ደወለች። ስሜን ጠየቀችኝ፤ ነገርኳት። ምሽት ላይ ስትደውል መስመሩ ሁሌ እንደሚያዝባት፣ ቀን ላይ ደግሞ አንዲት በጣም ትሑት እናት እንደሚያነሱ ነገረችኝ። ከዚያ ጉሮሮዋን ጠረገችና «ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ በፎይል የተጠቀለለ ነገር ልከውልናል?» አለችኝ።

«አዎ» አልኩ፤ ወንድሜን አሳልፌ ለመስጠት ጊዜው አልነበረም።

«የፖስታ ክፍላችን የአንድ ሰው ምሳ መስሎት ነበር።»

እሷም ሳቅ እንዳይመጣባት ስትታገል ይሰማኛል። ችግሩን አስረዳችኝ። ባንኩ ካሽ የሚያስቀምጥበት ሣጥን የለውም፤ ገንዘቡ ሲቆጠር ሁለት ሰው ፈርሞበት ካዝና ውስጥ ከወረቀቶች ጋር ተቀምጧል። ወይ በአደራ ፖስታ ትመልስልኛለች፤ ወይ ደግሞ እኔ ከፈቀድኩ ከመኪና ማቆሚያው ባሻገር ያለ ሌላ ባንክ ወስዳ ወደ ቼክ ታስለውጠዋለች።

«ባንክ ሆናችሁ ገንዘቡን ሌላ ባንክ ትወስጂዋለሽ?» አልኳት ሳላስበው።

«አዎ» አለች። «በእግሬ። አምስት ደቂቃ ነው።»

ፈቀድኩላት። ልትዘጋው ስትል «ይህ ሁሉ ባለ አንድ ዶላር፣ አስተናጋጅ ነዎት?» ብላ ጠየቀችኝ። ነኝ አልኳት። «እኔም ነበርኩ» አለችኝ። «ስቆጥረው ገባኝ።»

ረቡዕ ማታ ገጹን ራሴ ከፈትኩት። አራት መቶ አሥራ ሁለቱ ሙሉ ገብቷል። ያ ሌላው ባንክ ቼክ ሲያወጣ ያስከፍላል ብላኝ ነበር፤ ማን እንደከፈለው እስከ ዛሬ አላውቅም። ለወንድሜ ስነግረው ዓይኑን ጨፍኖ ረጅም ትንፋሽ ተነፈሰ፤ ከዚያ ግን ወዲያው «አየሽ፣ ሲስተሙ ይሠራል» አለ። አክስቴ ትራስ ወረወሩበት።

ሐሙስ ቼክ ደብተሬን ይዤ ኮሌጁ መስኮት ጋ ቀረብኩ። ሴትየዋ ስሜን አይታ «የእርስዎ ተከፍሏል» አለችኝ።

«አልከፈልኩም።»

«ሰኞ ተከፍሏል። በካሽ። አንገቱ ላይ የመሥሪያ ቤት መታወቂያ ያንጠለጠለ ሰው ነው የከፈለው፤ እየቸኮለ ደጋግሞ ሰዓቱን ያይ ስለነበር አስታውሰዋለሁ።» ደረሰኙን አትማ ሰጠችኝ።

ማታ ደረሰኙን ኪቦርዱ ላይ አስቀመጥኩለት። ወንድሜ አየውና ጆሮውን አከከ።

«ለምን አልነገርከኝም?»

«ከነገርኩሽ ያንቺ ገንዘብ ጠፍቷል ማለቴ ነዋ። ፖስታው ይደርስ እንደሆነ እስከ ዓርብ ልጠብቅ ብዬ ነበር። ኮርሱ ግን አይጠብቅም።»

«ከየት አመጣኸው?»

«ከማሽን። ማውጣትማ ይቻላል።»

«ኮሌጁስ ሰልፍ ነበረው?»

«አርባ ደቂቃ» አለ፣ እግሩ አሁንም የሚያመው ይመስል።

የሰሞኑ ኩርፊያዬ እዚያው ቀለጠ። አክስቴ ደረሰኙን ከእጄ ወስደው መነጽራቸውን አደረጉ፤ ፊቱንም ጀርባውንም አንብበው «ማኅተም አለው» አሉና ለወንድሜ ትልቁን የዳቦ ቁራሽ ቆረሱለት።

በዚያው ሳምንት ጥጉ ላይ ባለው ባንክ ለጉርሻዬ የምትሆን ትንሽ ሒሳብ እንደገና ከፈትኩ። ለወንድሜም የከፈለልኝን ያህል ቼክ ጻፍኩለት። ተቀበለኝ፣ አመሰገነኝ፣ መሳቢያ ውስጥ ከተተው። ባንክ ሳይልከው ወራት አለፉ፤ ሒሳቤ ላይ የእኔ ያልሆነ ገንዘብ ተኝቶ በየጊዜው ሀብታም የሆንኩ ይመስለኝ ነበር። ስጠይቀው «ፖስታ ጨርሻለሁ» ይለኛል። ኮርሱን ጨርሼ የአረጋውያን መጦሪያ ሥራ ስጀምር የቼኩ ጊዜ አልፎበት ነበር። በዚያ ገንዘብ ከመሀል ከተማ ጥሩ የክረምት ካፖርት ገዛሁለት። ለብሶት መስታወት ፊት ዞረ፣ ኪሶቹን ፈተሸ፣ ደስ አለው። ከዚያ በስንት እንደገዛሁት ጠየቀኝ፤ ነገርኩት።

«ኦንላይን ይረክስ ነበር» አለኝ።