የግድግዳው አባወራ

በስደት በምኖርበት ከተማ፣ ሜይፌር በሚባለው ሰፈር፣ ከሱቄ አጠገብ ማራቲ የምትናገር ህንዳዊት ጎረቤት አለችኝ። ትናንት ምስማር ላይ የሰቀለችውን የአገሯን ቀን መቁጠሪያ ስትገልጥ ወረቀቱ ሻ አለ። ለልጇ ሠርግ ደህና ቀን እየፈለገች ነው።

"አንክል፣ የሙሽራው ሰዎች ቀን ቆርጠዋል። እኔ ግን ይሄን ሳላይ እሺ አልልም" አለችኝ።

ያ የወረቀት ድምፅ ደሴ ወሰደኝ። ልጅ ነኝ። አባቴ የእህቴን ሠርግ በጥር ለአንድ እሑድ ቆርጧል፤ በማግስቱ ሰኞ ለሚበላው መልስ በሬ ገዝቷል። እናቴ ጢስ ያጠቆረውን የግድግዳ ቀን መቁጠሪያ ገለጠችና ቆማ ቀረች።

"አንተ ሰውዬ፣ ሰኞ እኮ ነነዌ ይገባል። ለጿሚ ሥጋ ልታቀርብ ነው?"

"ነነዌ ገና ነው። እኔ ተናግሬያለሁ፤ አለቀ።"

"አንተማ ተናገር። የዚህ ቤት አባወራ ግን ይኸውልህ" ብላ ወረቀቱን አሳየችው።

እኔ እውነት መስሎኝ ከዚያ ቀን ጀምሮ ስገባ ስወጣ ለወረቀቱ እጅ እነሣ ነበር።

አባቴ አኩርፎ ወጣ። ሲመለስ ግን ከሙሽራው ወገን ጋር ተነጋግሮ ሠርጉን በሳምንት አስቀድሞት ነበር። በሬው ተበላ፤ እህቴም ሰው ፊት አላፈረች።

ይህን ለጎረቤቴ ነገርኳትና፣ "አንቺም አባወራው ግድግዳ ላይ ነው በያቸው" አልኳት። ከት ብላ ሳቀች።

ፊደል እምብዛም አልቆጠርኩም። እናቴን ነፍሷን ይማር፣ ግድግዳ መጠየቅን ግን አስተምራኛለች። ዛሬም ቤቴ ስገባ ለቀን መቁጠሪያዬ ራሴን ዝቅ አደርጋለሁ።