ሣር ከላይ ነው ብዬ የደረደርኩት መዳብ

ሁለት ሺህ አሥር ዓመተ ምሕረት ነበር፤ እኔ ስልሳ አንድ ዓመቴ። ከአዲጋላ ግማሽ ቀን በሚያስኬድ በረሃ ውስጥ ባለ የመዳብ ቁፋሮ መንደር የመጋዘን ጠባቂ ሆኜ ገባሁ። እኔ ስገባ ሰው ይወጣል። የመጨረሻዎቹ መኪኖች ፍራሽ፣ በርና ቆርቆሮ ጭነው ቆመዋል።

የንብረት ክፍሉ ኃላፊ በጥድፊያ አስረከበኝ። ረጃጅም የእንጨት ሳጥኖች በመደርደሪያ ላይ ነበሩ። መሰርሰሪያው ከምድር ሆድ ያወጣው፣ እንደ ሻማ የተድቦለቦለ ድንጋይ፣ ከላይኛው እስከ ታችኛው በየተራው ተኝቶባቸዋል።

"ንብረቱ ይህ ነው" አለኝ።

"ድንጋይ?"

"ንብረቱ ተራው ነው። ተራው ከጠፋ ለቤት መሠረት እንኳ አይሆንም።"

"እስከ መቼ ልጠብቅ?"

"እስክንመለስ" ብሎ መኪናው ላይ ወጣ።

መዳቡ አለ፣ ግን በጣም ጥልቅ ቦታ ነው ተብሎ ነው መንደሩ የተተወው። የቀረነው እኔና ፋዱማ ነን። ፋዱማ ለቆፋሪዎቹ ሻይ ስታፈላ የኖረች ባልቴት ናት፤ ኋላ ለግመል ነጂዎች አፈላች። የመንደሩን ታሪክ ከእሷ ነው የሰማሁት። ይህ ዳቦ ቤት ነበር፣ ያ ትምህርት ቤት፤ እዚህ ጋ ባንድ ቀን ሁለት ሠርግ ተሠርጎ ውሃ አለቀ። ስታወራ መንገዱ ሰው የሚሞላ ይመስለኛል። ነፋስ በአንዱ ቤት በር ገብቶ በሌላው ሲወጣ "ፈረቃ ተቀየረ" እንባባላለን። አሸዋውም ቀስ እያለ ገባ፤ መጀመሪያ ደጃፍ፣ ከዚያ ወለል፣ ከዚያ መስኮት።

በሁለተኛው ዓመት ምስጥ የመደርደሪያውን እግር በላና ሦስት ሳጥን ተገለበጠ። ድንጋዮቹ ላይ የነበረው ቁጥር ለቋል። ተቀምጬ አሰብኩ። ሣር ከአፈር በላይ ነው የሚበቅለው፤ አረንጓዴው ከላይ ነው አልኩ። አረንጓዴ አረንጓዴውን ከላይ፣ ግራጫውን ከታች ደረደርኩ። አማረ። ለማንም አልተናገርኩም። ንብረት ጣለ የተባለ ጠባቂ ምን ይቀረዋል?

በሁለት ሺህ አሥራ አምስት ሔለን የምትባል የድንጋይ ባለሙያ ሳጥኖቹን ዳግም እንድትመረምር ከጅጅጋ ተላከች። ድንጋዩን ውሃ ውስጥ ትነክራለች፣ በማጉያ ታያለች፣ ትጽፋለች። በሦስተኛው ቀን እኔ የደረደርኳቸው ሳጥኖች ጋ ደረሰች።

"አባባ! ይህ አረንጓዴው መዳብ ነው፤ መዳቡ እኮ ከላይ ነው! እነዚያ እንዴት አላዩትም? ይህ መንደር ይከፈታል!"

ፋዱማ ሻይ ይዛ በሩ ላይ ነበረች። ቴርሞሱን አስቀምጣ፣ ስልክ ወደሚይዝበት ኮረብታ ወጣች። ስትወርድ ፊቷ እንደ ሙሽራ እናት ያበራል።

"አዴር" አለችኝ፤ አጎቴ ማለቷ ነው። "ከተማ ያለው ልጄ ባጃጁን ሸጦ ይመጣል። ገዢው ለዛሬ ከሰዓት ቀጥሮታል።"

እኔም መንገዱ ሲሞላ ታየኝ። ዳቦ ቤቱ ሲጨስ ታየኝ። ዝም ብል ኖሮ ማን ያውቅ ነበር?

"ደውይለት፤ አይሽጥ" አልኳት።

"ምን ሆንክ?"

"አረንጓዴውን ከላይ ያደረግኩት እኔ ነኝ። ሳጥኑ ወድቆ ነበር።"

የሔለን እስክሪብቶ ቆመ። "ላይኛው መሆኑን በምን አወቁ?"

"በሣር።"

አልሳቀችም። "ሌሎቹንስ ነክተዋል?"

"እጄ አልደረሰባቸውም።"

ገጹን ከጥግ እስከ ጥግ ሰረዘችው። ፋዱማ ተመልሳ ኮረብታውን ወጣች። ስትመለስ እያለከለከች ነበር።

"ደርሼበታለሁ፤ አልሸጠም" አለች። ቀጥላም "ሦስት ዓመት ዝም ያልክ ሰውዬ፣ አንድ ሳምንት መጨመር አቃተህ? ልጄን አየው ነበር" አለችኝ።



በየመጋዘኑ ያላችሁ ልጆች፣ የወደቀ ዕቃ ቦታውን ካላወቃችሁ በግምት አትመልሱት። ለብቻው አኑሩት፤ መውደቁንም በዚያው ቀን ተናገሩ።

በማግስቱ ጠዋት ሦስቱን ሳጥኖች ደጅ አውጥቼ ቀለም በጠበጥኩ። ከፊደል ጋር ብዙ ስለማንተዋወቅ ሔለን አሸዋው ላይ ጻፈችልኝ፤ እኔ እያየሁ ገለበጥኩ፦ "ወድቆ የተነሣ። ተራው አይታወቅም።" ሦስተኛውን ስጨርስ ፀሐይ አናቴ ላይ ደርሳ ነበር።