አባቴ ያልፈቀደው ስልክ

ትናንት ስልኬ ጮኸና «አዲስ መሣሪያ ከቤትዎ ዋይፋይ ጋር ሊገናኝ ነው፤ ይፈቀድ?» አለኝ። ባለቤቴ የገዛችው ቴሌቪዥን ነበር። ፈቀድኩ። ጥያቄው ግን አንድ የድሮ ጠዋት አስታወሰኝ፤ የዚያ ጠዋት ንዴት ቀኑን ሙሉ አልለቀቀኝም።

አባቴ ከትምህርት ጽሕፈት ቤት ኃላፊነት ጡረታ እንደወጣ ነው አርባ ምንጭ፣ ሴቻ ሰፈር ያለው ቤታችን ዋይፋይ የገባለት። መቆጣጠሪያውን ስልኩ ላይ የጫነችለት ታላቅ እህቴ ሰናይት ነበረች። አይ ያቺ መዘዘኛ አፕ! የሚያዘው ሠራተኛ ላጣ ሰው ሹመት ሆነችለት። የአባያን ሐይቅ ቁልቁል እያየ፣ በረንዳ ላይ ማንጎውን እየላጠ፣ ማን እንደገባ ማን እንደወጣ ይከታተላል። እንግዳ ስልኩን ይዞ ፊቱ ቆሞ ካላስፈቀደና ስሙ ካልተጻፈ ይዘጋበታል። እኛም እንስቅ ነበር።

ሰናይት ተመርቃ ቤት ከተቀመጠች ቆይታ ነበር። በመጨረሻ አንድ የሐዋሳ ድርጅት ለሥራ በቪዲዮ ሊፈትናት ቀጠሮ ሰጣት። የራሷ ስልክ ድምፅ አልወስድ ስላላት ላንቴ ቀበሌ ካለች ጓደኛዋ ተውሳ መጣች። የሞባይል ዳታው እንደሆነ ምስል አይጎትትም። እናቴ ለአሳው የቃሪያ ዳጣ ትፈጫለች፤ ከመኝታ ቤት የሰናይት እንግሊዝኛ ጥርት ብሎ ይሰማል። ድንገት ተቋረጠ። አባቴ የማያውቀውን ስልክ አይቶ ዘግቶት ነበር።

ሰናይት እየሮጠች ወጣች። «አባዬ፣ እባክህ ክፈትልኝ፣ እየጠበቁኝ ነው!»

«የማን ስልክ ነው?»

«የጓደኛዬ። ፈተና ላይ ነኝ እኮ!»

«ታዲያ ቀድመሽ አታስፈቅጂም? ይሄ ቤት ባለቤት የለውም?»

እናቴ እጇ ዳጣ እንደነካ መጣች። «አንተ ሰውዬ፣ አሁን ክፈትላት፤ በኋላ ትቆጣታለህ!»

«መጀመሪያ ሥርዓት ትማር።»

መነጽሩን ፈለገ። የጓደኛዋን ስም ጠየቀ፣ ቀጥሎ የአባቷን። ሰናይት እያለቀሰች ነገረችው፤ እሱም በአንድ ጣቱ አንድ በአንድ ጻፈ። ሲከፈትላት ከወዲያ በኩል ማንም አልነበረም። ደጋግማ ደወለች፣ ጻፈች። በኋላ ሌላ ሰው መቅጠራቸውን ነገሯት።

አባቴ «ሥራ ሞልቷል» ብሎ አሳውን በላ። ይቅርታ የሚባል ነገር ከአፉ አልወጣም። እኔም እስከ ዛሬ ይቅር አላልኩትም።

ሰናይት አሁን እዚያው ከተማ፣ ሲቀላ ሰፈር ትንሽ ሱቅ አላት። አባቴ አልጋ ከያዘ ወዲህ በየቀኑ እየመጣች ታጥበዋለች፣ ታጎርሰዋለች። ጎረቤቱ ሁሉ ይመርቃታል። በቀደም አባቴ እጇን ይዞ፣ «ልጄ፣ ካለኝ ነገር የምትፈልጊው የለም?» አላት።

«ምንም፣ አባዬ» አለችው፣ ትራሱን እያስተካከለች።

ደስ አለው፤ ትሕትና መሰለው። እኔ ግን ያን ጠዋት ለመጨረሻ ጊዜ እንደለመነችው አውቃለሁ።