ወይዘሮ ትርንጎ ብቻቸውን የቆሙ ዕለት

የቂርያት ሞሼ ሰፈሯ ወይዘሮ ትርንጎ አርፈዋል። ታመው ብዙ አልተኙም፤ በሕይወታቸው ሰው ማስቸገር አይወዱም ነበርና በሞታቸውም አላስቸገሩም። ቀብራቸው ላይ ከሬሖቮት ከተማ ሐበሻ የቀረ ያለ አይመስለኝም። አስከሬናቸው ሲገባ ሁላችሁም ብድግ አላችሁ። እኔ ከኋላ ሆኜ አየኋችሁ። ለሬሳ መነሳት መቼም ለማንም አይከብድም።

ይህን የምጽፈው ለሚያውቋቸው ሁሉ ነው፤ ይልቁንም ረቡዕ ረቡዕ ከሰዓት በኋላ ከሳቸው ጋር ትቀመጡ ለነበራችሁ ሴቶች። በሐዘን ላይ ክፉ ነገር አይወራም ትሉኝ ይሆናል። ሰባቱ ቀን እስኪያልፍ አፌን ለጉሜ ቆይቻለሁ። አሁን አልፏል።

ወይዘሮ ትርንጎ ልጅነታቸውን ያሳለፉት በጎንደር ገጠር ነው። በዚያ አገር፣ በእኛ በቤተ እስራኤሎች ወግ፣ ሴት የወር አበባዋ ሲመጣና ስትወልድ ከቤቷ ወጥታ የመርገም ጎጆ ትገባ ነበር። ብዙዎች ያንን ጎጆ ሲያነሱ ብርዱንና ብቸኝነቱን ያወራሉ። እሳቸውን ግን ሳቅ ይቀድማቸው ነበር። «እዚያ ወንድ ዝር አይልም። ያስለቀሰንን ሁሉ ስናማው እንውላለን፤ ስንወጣ ቀሎን እንወጣለን» ይሉ ነበር። እስራኤል ሲገቡ ጎጆው ቀረ። ሴቱ ሁሉ በየፎቁ በሩን ዘግቶ ለየብቻው ያለቅስ ጀመር። እሳቸውን ያንገበገባቸው ይህ ነው።

ስለዚህ ከሕንፃቸው ሥር ያለውን ሚቅላት፣ ያንን ሮኬት ሲመጣ የምንሸሸግበትን ምድር ቤት፣ ጎረቤቱን ሁሉ ለምነው አስከፈቱ። ጠረጉት፣ ግድግዳውን ቀቡት፣ ወንበር ከየቤቱ አሰባሰቡ፤ ረቡዕ ረቡዕ የሴቶች መገናኛ አደረጉት። አንድ ሕግ ብቻ አወጡ፦ ሴት ስትገባ ሁሉም ይነሳል። አሮጊት ትሁን፣ ከጦር ሠራዊት ለእረፍት የመጣች ልጅ ትሁን፣ «ኖር!» ተብሎ ይነሳላታል፤ እሷም «በእግዜር!» ብላ ታስቀምጣለች። አንዷ «እንዴ እማማ! እኔ አያት ሆኜ ለዚች ጩጬ ልነሳ?» ብትላቸው፣ «ለሽማግሌ ስንነሳ ጉልበታችን አለቀ። የተረፈችውን እንኳ እርስ በርሳችን እንጠቀምባት» አሏት። ሴትዮዋ እየሳቀች ተነሳች።

ብዙዎቻችን ባንክም ሆነ ሐኪም ቤት ስንሄድ ልጆቻችንን ዕብራይስጡን እንዲያስተረጉሙልን ይዘን ነበር የምንሄደው። ወይዘሮ ትርንጎ ይህን አይወዱም ነበር። ሚቅላቱ ውስጥ የልጃቸውን የፀሐይ መነጽር አድርገው ከጠረጴዛ ኋላ ይቀመጡና የሄርዝል ጎዳና የባንክ ሠራተኛ ይሆናሉ። «ማ አት ሮጻ? ምን ፈለግሽ? ያላ፣ ቶሎ በይ፣ ሰው ቆሟል!» እያሉ ይጮሁብናል። እኛ ደግሞ በገዛ አፋችን መመለስ አለብን። መጀመሪያ ያስተማሩን የዕብራይስጥ ቃል «ሬጋ» ነው፤ ቆይ፣ አልጨረስኩም ለማለት። «ሬጋ ያለች ሴት ግማሹን ጨርሳለች» ይሉን ነበር። ከዚያ ወዲህ ሐኪም ቤት ብቻዋን የሄደች ሴት አልነበረችም። አብራ የምትሄድ ሰው ስትጠፋ እሳቸው ነጠላቸውን ጣል አድርገው ይከተሏት ነበር።

እኔ የሺ ነኝ። ታሪኬን የማታውቁ ጥቂት ናችሁ። ባሌ ይመታኝ ነበር። መጀመሪያ የተናገርኩት እዚያው ሚቅላት ውስጥ ነው። ያን ቀን ያበጠ ፊቴን በእርጥብ ጨርቅ ያበሰችልኝ ፈንታነሽ ናት፤ በአንድ አውሮፕላን አብረን የመጣን፣ እህቴ የምላት። ሁላችሁም አለቀሳችሁ። ሁላችሁም «ሽማግሌ ፊት ቆመን እንመሰክርልሻለን» አላችሁ። እኔም አመንኳችሁ።

ፍቺ ስጠይቅ ባሌ ሽማግሌ አስቀመጠ። አዳራሹ በሰው ሞላ። «እጄን አንስቼባት አላውቅም» ብሎ ማለ። ያኔ ወይዘሮ ትርንጎ ከሴቶቹ መካከል ተነሱና «ሬጋ፣ አባቶቼ» አሉ። ጥቂት ሰው ሳቀ። «እኔ ቁስሏን በዓይኔ አይቻለሁ። ያየሁት ብቻዬን አይደለም። አብራችሁኝ ያያችሁ፣ ተነሱ።» ይህን ብለው ወደ ኋላ ዞሩ።

ማንም አልተነሳም።

የፈንታነሽ ባል ለባሌ የሥጋ ዘመድ ነው፤ እሷ የነጠላዋን ጥለት ስታስተካክል ቆየች። ሌሎቻችሁ መሬት መሬት አያችሁ። ረቡዕ ረቡዕ ለጩጬዋ ወታደር የሚነሳው ጉልበታችሁ ያን ቀን ምን ነካው? ያመኑት ፈረስ ጣለ በደንደስ የሚባለው ያን ጊዜ ገባኝ። ከባሌ ዱላ ይልቅ የእናንተ መቀመጥ ነው ያመመኝ፤ ዛሬም ያመኛል።

አንደኛው ሽማግሌ «ይቀመጡ እንግዲህ እናታችን፣ አንድ ምስክር ምን ይረባል?» አሏቸው። «አልቀመጥም» አሉ። ያን ጉልበታቸውን ታውቁታላችሁ፤ ደረጃ እንኳ በመከራ ነበር የሚወጡት። ጉባኤው እስኪበተን ድረስ ቆሙ። ከዚያ እጄን ይዘው ቤታቸው ወሰዱኝ፣ ሳሎናቸው ውስጥ አስተኙኝ፣ ሲነጋ የተደበደቡ ሴቶችን የምትረዳ ማኅበራዊ ሠራተኛ ዘንድ አብረውኝ ሄዱ። እዚያም እኔ ቃል ሲያጥረኝ ከጎኔ ሆነው «ሬጋ በይ» ይሉኝ ነበር። ዛሬ ቂርያት ዔቅሮን በሬን ዘግቼ በሰላም የምተኛው በሳቸው ነው።

ከዚያ ጉባኤ በኋላ በመጣው ረቡዕ ሚቅላቱን እንደ ወትሮው ከፈቱ። እኔ ከጎናቸው ተቀምጬ ነበር። ፈንታነሽ ገባች። ወይዘሮ ትርንጎ ጉልበታቸውን በእጃቸው ደግፈው ተነሱና «ኖር!» አሏት። ቦርሳዬን አንስቼ ወጣሁ፤ ከዚያ ወዲህ ወደዚያ ክፍል አልተመለስኩም። አልደብቅም፣ እሳቸውም የካዱኝ መስሎኝ ነበር።

ከጥቂት ጊዜ በኋላ በአውቶቡስ አዲሱ ቤቴ ድረስ መጡ። ገና ሳይቀመጡ «እንዴት ይነሱላታል?» ብዬ ጮህኩባቸው።

«የሺዬ፣ ይገባታል ብዬ የተነሳሁ መሰለሽ? እነሱ መነሳት ተዉ፤ እኔም ከተውኩ ማን ሊያስታውሰው ነው?»

«እኔ ይቅር አልላትም።»

«ማን ይቅር በይ አለሽ? ይልቅ ብዪ» ብለው ያመጡትን ዳቦ ቆረሱልኝ። ዳቦውን በላሁት። ነገራቸው ግን አልተዋጠልኝም።

ታዲያ ቀብራቸው ላይ ፈንታነሽ ማይክሮፎን ይዛ «ሁልጊዜ አብረናቸው ቆመናል፣ ታሚድ ቢያሐድ!» ስትል ሰማኋት። ሁልጊዜ በአንድነት ማለቷ ነው። እናንተም ራሳችሁን እየነቀነቃችሁ አለቀሳችሁ። እዚያው ልጮህ ነበር፤ ለሳቸው ክብር ስል ከንፈሬን ነከስኩ።

በሰባተኛው ቀን ልጃቸው ሲጋሊት ወደ ጓዳ ጠራችኝ። እዚሁ ተወልዳ ያደገች ነርስ ናት።

«የሺ፣ እማ የሚቅላቱን ቁልፍ ለፈንታነሽ ስጪ ብላኛለች።»

ደሜ ፈላ። «ለፈንታነሽ? ከሰው ሁሉ ለሷ?»

«ሬጋ፣ ሬጋ፣ አልጨረስኩም! ‹ቁልፍ የያዘች ቀድማ ትገባለች፤ ቀድማ የገባች ለሁሉም ትነሳለች። የሺ ኋላ ትምጣ› ነው ያለችው። ቤሰደር? እሺ? እኔ የታዘዝኩትን ነው የነገርኩሽ።»

እቤቴ ገብቼ ብዙ አሰብኩበት። ፈንታነሽን የሾሟት መስሎኝ ነበር። ለካ ሥራ ነው የሰጧት።

እማማ ትርንጎ፣ ብልሃትዎ ገብቶኛል። ይህ ማለት ግን ቂሜ በረደ ማለት አይደለም፤ በእርስዎም ላይ ትንሽ ቂም ቀርቶኛል። ቢሆንም ረቡዕ እመጣለሁ። እንዳዘዙኝ ኋላ እመጣለሁ። ደረጃውን ወርጄ በሩ ላይ እቆማለሁ። ፈንታነሽ ይህን ካነበበች ትጠብቀኝ። ከተነሳችልኝ «በእግዜር» እላታለሁ፣ ለጊዜው ከዚያ በላይ ከአፌ አይወጣም። ካልተነሳችም እርስዎ በዚያ አዳራሽ እንደቆሙት እቆማለሁ፤ የእኔ ጉልበት ገና ደህና ነው።

ደህና ይሂዱ እማማ። ከሄዱበት ሲደርሱ ቀድመውዎት የገቡት ሴቶች ሁሉ «ኖር!» ብለው ይነሱልዎ። አንዲትም ተቀምጣ አትቅር። እርስዎም «በእግዜር» ይበሉና፣ ከእንግዲህስ ይቀመጡ።