አንቀላፋ የምትባል ቃል

የአንድ ሰው ዕድሜ ቢጨመቅ ምን ይወጣዋል? ከእኚህ አንጋፋ የሶፍትዌር ባለሙያ የወጣችው አንዲት ፋይል ናት። በየኮምፒውተሩ ሆድ ውስጥ ተቀምጣ ባትሪ ትጠብቃለች፤ ኃይል ሲመነምን የተጀመረውን ሥራ አስቀምጣ ማሽኑን ታስተኛዋለች። የኮምፒውተሩ ባለቤት መኖሯን እንኳ አያውቅም።

መሥሪያ ቤቱ "ጋሼ ባትሪ" ይላቸዋል። አንገትጌያቸውን የሚያቃናላቸው ሰው ካጡ ወዲህ አንዱ ጎኑ ወደ ውስጥ እንደታጠፈ ይውላል። ባለቤታቸው የሞቱ ሰሞን የመጣው ሁሉ "በሰላም አንቀላፉ" ሲላቸው አላለቀሱም፤ ራሳቸውን ነቅነቅ ያደርጉ ነበር።

አጠገባቸው የምትቀመጠው ባልደረባቸው ግን አንድ ነገር ታያለች። የሰውዬው ኮምፒውተር ባትሪ ሲያልቅ "ኮምፒውተርዎ ሊያንቀላፋ ነው" የሚል ጽሑፍ ስክሪኑ ላይ ብቅ ይላል። ያኔ ሰውዬው ጽሑፉን በመዳፋቸው ይጋርዱና ስክሪኑ እስኪጨልም ይጠብቃሉ። ፊታቸው ላይ ምንም አይነበብም።

አንድ ቀን ስብሰባ ላይ እጃቸውን አወጡ።

"ያቺ 'ሊያንቀላፋ' የምትለው ትለወጥልኝ።"

"በምን እንለውጣት ጋሼ? 'ሊያርፍ ነው' እንበለው?" አለ አለቃው።

"ኧረ 'ሊያሸልብ' ይሻላል!" አለ ሌላው፤ ክፍሉ በሳቅ አውካካ። ባልደረባቸው ብቻ አንገቷን ደፋች።

"ሊተኛ ነው በሉልኝ" አሉ፣ ድምፃቸው ከፍም ዝቅም ሳይል። "የተኛ ይነሳል።"

"እናየዋለን ጋሼ" ተባሉ።

አዲሱ ማሻሻያ ሲወጣ የጽሑፉ ቀለም ተቀይሯል፣ ፊደሉም ጎላ ብሏል። ቃሏ ግን እንዳለች ናት።