ለቴምባ የተያዘው ወንበር

ከአዲስ አበባ የተነሣነው ሁለት ሆነን ነው። ስንመለስ ሦስት እንደምንሆን ግን ሲፎ ገና አውቶቡስ ተራ ሳለን ነግሮኛል። ሦስተኛው ከቡሬ በታች ቆላ ውስጥ የተቀበረው ታላቅ ወንድሙ ቴምባ ነበር።

ሲፎ የደቡብ አፍሪካ ሰው ነው፤ ወገኑ ዙሉ። የነጮቹን አገዛዝ ሸሽተው ከወንድሙ ጋር ወደ አገራችን የመጡት በሰባዎቹ መጀመሪያ ሲሆን፣ ለውጭ ተማሪዎች አማርኛ በማስተምርበት ክፍል ሁለቱም ፊተኛው ረድፍ ላይ ይቀመጡ ነበር። ቴምባ የከብት ሕክምና ተማረና ለሥራ ልምምድ ከቡሬ በታች ወዳለ የመንግሥት እርሻ ተላከ። እዚያ ወባ ጣለው። ያኔ ሲፎ ለትምህርት ሌላ አገር ስለነበር መርዶውን የሰማው ወንድሙ አፈር ከለበሰ በኋላ ነው። አሁን ደግሞ ኢትዮጵያን ለቆ ለአገሩ ድንበር ወደምትቀርብ ትንሽ አገር ሊሄድ ተነሥቷል። እናቱም በሰው አፍ ላከችበት፦ «ወንድምህን በሰው አገር ጥለኸው እንዳትመጣ።»

«አጽሙን ልታወጣ ነው?» አልኩት።

«አይደለም። አጽሙ እዚያው ይረፍ። እኔ የምወስደው መንፈሱን ነው። በእኛ ዘንድ ሰው ከቤቱ ርቆ ከሞተ፣ ዘመዱ የሞተበት ቦታ ድረስ ሄዶ በስሙ ይጠራዋል። በእሾሃማ ዛፍ ቅርንጫፍ ይዞት ይመለሳል። የሚጠራው ካጣ የቤቱን መንገድ አያገኘውም፤ ሜዳ ላይ ይቀራል።»

አማርኛው ጥሩ ነው፤ የጎጃም ገጠር አነጋገር ግን ያመልጠዋል። እኔ የቋሪት ልጅ ነኝና አብሬው እንድሄድ ለመነኝ። ቀበሌ የይለፍ ወረቀት ስጠይቅ የጉዞዬን ምክንያት «ለቅሶ» ብዬ አስመዘገብኩ። ውሸት አልነበረም።

ወደ ማርቆስ

ፍቼን አልፈን ገደሉ አፋፍ ስንደርስ አውቶቡሱ እንደ ሽማግሌ እያቃሰተ ወደ ዓባይ መውረድ ጀመረ። ሲፎ መስኮቱን ይዞ ቁልቁል ሲመለከት ቆየና ስለ አገሩ ያወራኝ ጀመር። በወጋቸው የሙት መንፈስ ይዞ ሲመለስ ከሕያዋን ጋር መነጋገር ስለማይፈቀድለት፣ የሚናገረውን ሁሉ በመሄጃው ሊጨርሰው የፈለገ መሰለኝ።

«ዙሉ ማለት በቋንቋችን ሰማይ ነው» አለኝ። «በመጀመሪያ ግን የአንድ ትንሽ ጎሣ ስም ነበር። በዙሪያችን ከእኛ የሚበልጡ ብዙ ጎሣዎች ነበሩ። አንድ ንጉሥ ተነሣና ሁሉንም አንድ አደረጋቸው። ወጣቱን በየዕድሜው ከፋፍሎ በጦር ሰፈር አስቀመጠው። የሚወረወረውን ረጅም ጦር አስጥሎ አጭር ጦር አስያዘው፤ ጠላቱን ቀርቦ እንዲገጥም። ሠራዊቱ በበሬ አምሳል ይሰለፋል፤ ደረቱ መሐል ይገጥማል፣ ሁለቱ ቀንዶች በግራና በቀኝ ይከብባሉ።»

«ደግ ንጉሥ ነበር?»

«አያቶቼ በእሱ ይኮራሉ። በእሱ ዘመን ደም ያለቀሱም አያቶች አሉን። ሁለቱም አንድ ቤት ውስጥ ናቸው።»

እንግሊዞች በኋላ እንደመጡ፣ ዙሉዎች በጦርና በጋሻ መድፍ የያዘ ሠራዊት ድል እንዳደረጉ፣ ድሉ ግን እንዳልዘለቀ ነገረኝ። ንጉሣቸው ተማርኮ ባሕር ተሻገረ፤ ምድራቸው ተቆራርሶ ተከፋፈለ። ከብቱ ሲያልቅና ግብሩ ሲከብድ አባቶች ወርቅ ሊቆፍሩ ወደ ሩቅ ከተማ ወረዱ። «አባቴ በገዛ አገሩ የይለፍ ወረቀት ኪሱ ውስጥ ይዞ ነው የሚሄደው» አለ። እጄ ሳላስበው ወደ ቦርሳዬ ሄደ። ከፊታችን የተቀመጡ ሰውዬ ጉሮሯቸውን ጠራረጉ። ወሬውን ወደ ከብት መለስነው።

ማርቆስ አደርን። ዕለቱ ዓርብ ስለነበር እራታችን ሽሮና የተልባ ፍትፍት ነበር። ሲፎ ተልባውን በጣም ወደደው።

ፍኖተ ሰላም

በማግስቱ ደምበጫንና ጂጋን አልፈን ፍኖተ ሰላም ስንገባ ገበያው ቆሞ ነበር። መንገዱ ዳር በቆሎ በስልቻ፣ በርበሬ በቁና ተደርድሯል። የአብዮቱ መፈክር የተጻፈበት ቅስት ሥር ሴቶች ጨሌ ዘርግተዋል። ሲፎ ጎንበስ ብሎ ቀዩን ከነጩ እየለየ ተመለከተና በእነሱ ዘንድ ኮረዳ ለምትወደው ጎረምሳ ጨሌ ሰክታ እንደምትልክ ነገረኝ። ቀለሙ ቃል ነው፤ ነጩ ንጹሕ ልቤ ይላል፣ ሌላው ናፍቆትን ይናገራል፣ ሌላው ቅናትን። ሻጯ ሴት ያለኝን ብነግራት፣ «እኛስ መች አጣነው! በአፍ የሚያሳፍረውን በግጥም እንልካለን» አለች።

ምሳ የበላንበት ቤት ባለቤት ደርባባ ሴት ነበረች። ወደ ቡሬ የሚሄድ መኪና ያለው ባሏ መሆኑን ሰማንና ስሙን ጠየቅኳት። ነጠላዋን አፏ ላይ አደረገች።

«የእሳቸውን ስም እኔ እንዴት ብዬ እጠራለሁ፣ እቴ? ውጭ ያሉትን ጠይቂያቸው።»

ለሲፎ ስነግረው ከተነሣን ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ አለ። በእነሱም ሙሽራ የአማቷን ስም አትጠራም። እንዲያውም የአማቷ ስም «ውኃ» ከሚለው ቃል ጋር ከተመሳሰለ፣ ውኃን ራሱን በሌላ ቃል ትጠራዋለች። እያንዳንዷ ሙሽራ የራሷ ቋንቋ አላት ማለት ነው። «ለዚህ ነው የንጉሡንም ስም በመንገድ ላይ ያላነሣሁልሽ» አለኝ።

ቡሬ

ቡሬ የደረስነው ከሰዓት በኋላ ነው። ከዚያ ወዲያ መንገዱ በእግር ነው። ቴምባን ያስታመሙትን ሰዎች ቤት የሚያሳየን ስንፈልግ፣ የቤቱ ባለቤት ራሳቸው፣ አያ አለነ፣ ገበያ መጥተው ስለነበር ሰው ጠቆመንና አገኘናቸው። ዘራቸው ከአዊ ነው። አማርኛውንም አዊኛውንም አቀላጥፈው ይናገራሉ። ሲፎን ገና ሲያዩት ቆብ አወለቁ።

«ግንባሩን አየሁት» አሉ። «የዚያ ልጅ ወንድም ነው።»

ቁልቁል ስንወርድ በሬያቸውን እየነዱ ነበር። ጥቁርና ነጭ ዝንጉርጉር ነው። ሲፎ ስሙን ጠየቀ።

«ቡሬ።»

«እንደ ከተማው?»

«እንደ መልኩ። ዝንጉርጉሩን ቡሬ እንላለን፤ አመድማውን ዳልቻ፣ ግንባረ ነጩን ቦራ። ወንድምህም መልካቸውን እየለየ በአገሩ ቋንቋ ይጠራልኝ ነበር። አንዷን ጥቃቅን ነጠብጣብ ያላትን ጊደር የወፍ ምን ይላት ነበር…»

«የወፍ እንቁላል» አለ ሲፎ። ከዚያ የአገሩን የከብት ወግ ነገረን። በአገሩ በጥሎሽ የሚሰጠው ከብት ነው፤ ሙት የሚሸኘውም በከብት ነው። በረቱ በመንደሩ መሐል ሆኖ ቤቶቹ ይከብቡታል፤ የቤቱ አባትም የሚቀበረው ከበረቱ አጠገብ ነው። ቴምባ ከብት ሊያክም የተማረው ለዚህ እንደሆነ ያን ጊዜ ገባኝ።

ሚስታቸው ወይዘሮ የሺ በራቸው ላይ ጠበቁን። አንገት ለአንገት ተያይዘን ተላቀስን። እግራችንን አሳጥበው፣ የኑግ ልጥልጥና ዳቦ አቅርበው፣ ስንበላ ተመለከቱን። ቴምባ ያረፈበት መደብ ላይ አዲስ አጎዛ ተነጥፏል። እርሻው ላይ ታምሞ ወደ ከተማ ሲሄድ መንገድ ላይ እንደወደቀ፣ አያ አለነ በትከሻቸው እንዳመጡት ነገሩን። ከዚያ የመጣንበትን ነገር አስረዳሁ። ወይዘሮ የሺ ተነሥተው ቆሙ።

«ያስታመምኩት እኔ። ዓይኑን የከደንኩት እኔ። ተዝካሩን ያወጣሁት እኔ። አሁን ልትወስዱብኝ ነው?»

ሲፎ እንድተረጉምለት አልጠበቀም። ከፊታቸው ተንበረከከ።

«እማማ፣ መቃብሩ የአንቱ ነው። ማንም አይነካውም። እናቴ ግን በሯን ከፍታ ትጠብቀዋለች።»

«እናት አለችው?»

«አለች።»

ወይዘሮ የሺ የምሰሶውን እንጨት ያዙ። «እናት ካለችውማ ይሂድ» አሉ በመጨረሻ። «እኔ ወላድ መካን ላደርጋት አልፈልግም።»

ቅርንጫፉ

ጠዋት ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ስንሄድ ቄሰ ገበዙ በር ላይ አስቆሙን። ሽማግሌ ናቸው፤ መቋሚያቸውን በበሩ አጋድመው ያዙ።

«በቅጥራችን ደም የሚፈስበት፣ ጠንቋይ የሚጠራበት ነገር ከሆነ አይሆንም፣ ልጄ» አሉኝ። «ይህን ልጅ ስንቀብረው እንኳ ብዙ ተነጋግረናል። የክርስትና ስሙን በሕመም አልጋው ላይ ለአለነ ስለነገረው ነው ፍትሐት የተፈታለት።»

ለሲፎ ነገርኩት። ከብት የሚታረደው በአገሩ በእናቱ ደጅ መሆኑን፣ እዚህ የሚያደርገው ስም መጥራት ብቻ መሆኑን አስረዳ። ቄሱ ጠየቁ።

«የማንን ስም?»

«የወንድሙን፣ የአባቱን፣ የአያቱን፣ እስከሚያውቀው ድረስ» አልኩ።

«ዘር መቁጠርማ የእኛም ነው» ብለው መቋሚያውን አነሡ።

ሲፎ ከወንዙ ዳር የቁርቁራ ቅርንጫፍ ቆርጦ ይዞ ነበር። በአገሩም የሚጠቀሙት የዚሁ ዘመድ የሆነ ዛፍ ነው። እሾሁ ሁለት ሁለት ነው፤ አንዱ ቀጥ ያለ፣ አንዱ ወደ ኋላ የታጠፈ። ቀጥ ያለው ወደምንሄድበት ያሳያል፣ የታጠፈው ከየት እንደመጣን ያስታውሳል ይላሉ። መጀመሪያ ቴምባ የሞተበት መደብ ላይ አሳርፎት ነበር፤ አሁን መቃብሩ ላይ አኖረው። ጫማውን አወለቀና በቋንቋው መጥራት ጀመረ። ቃሉን አላውቅም፤ ስም መሆኑን ግን ሁላችንም እናውቅ ነበር። አንዱን ስም ሲጨርስ ትንሽ ያርፋል፣ ከዚያ ወደሚቀጥለው አባት ይወጣል። አያ አለነ በጣታቸው ይቆጥሩ ነበር። ከሰባት ሲያልፍ ጣታቸውን አጠፉና ራሳቸውን ነቀነቁ።

ከዚያ ቅርንጫፉን አነሣ። ከዚያች ሰዓት ጀምሮ ሲፎ ከእኛ ጋር አልተነጋገረም። ወይዘሮ የሺ እስከ ዳገቱ ድረስ ሸኙን። ቅጠሉን በእጃቸው ዳሰስ አድርገው ተመለሱ።

መልስ

ከቡሬ ሦስት ቲኬት ቆረጥን። ሲፎ ቅርንጫፉን ከጎኑ ባለው ወንበር ላይ አኖረው፤ እኔ ከኋላ ተቀመጥኩ። መንገድ ሲታጠፍ፣ ድልድይ ሲመጣ ጎንበስ ብሎ ለወንድሙ ይነግረዋል። እስከ ማርቆስ ሰው አልበዛምና ነገሩ ቀላል ነበር። በማግስቱ ጠዋት ግን አውቶቡሱ ጢም አለ። ሕፃን ያዘለች ወጣት ሴት ገብታ ባዶውን ወንበር አየች። ረዳቱ ቅርንጫፉን ሊያነሣ እጁን ሲዘረጋ ያዝኩት።

«የተከፈለበት ነው። የሞተ ወንድሙን ይዞ እየሄደ ነው።»

«ታዲያ ሙት ተቀምጦ ሰው ይቁም?» አለ አንዱ ከኋላ። ጉርምርምታው በዛ። ሲፎ ወደ ማንም አልዞረም፤ እጁን ግን ቅርንጫፉ ላይ አሳረፈ። ጋቢ የለበሱ አንድ ገበሬ ተነሡ።

«ሬሳ ቢሆን ኖሮ ጣሪያ ላይ ጭነን፣ እያለቀስን እንሄድ ነበር» አሉ። «ነፍስ ሲሆን ነው የሚከብደን?»

እኔ ለሴትየዋ ወንበሬን ለቀቅኩላትና ቆሜ ሄድኩ።

ዓባይ ድልድይ ላይ ለፍተሻ ውረዱ ተባልን። ሲፎ ቅርንጫፉን ይዞ እያንሾካሾከ ሲወርድ አንድ ወጣት ወታደር አስቆመው።

«ከማን ጋር ነው የሚነጋገረው?»

«ከሞተ ወንድሙ ጋር» አልኩ። «ወደ እናቱ ቤት እየወሰደው ነው።»

«የት ነው የሞተው?»

«ቡሬ።»

ወታደሩ ቅርንጫፉን አየው፤ አልነካውም። ወረቀቴን ሲመልስልኝ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «ታድሎ። ወንድሙ የት እንደሞተ ያውቃል» አለ።

ያቺ ሴት ከአጠገቤ ነበረች። ሰምታዋለች። ዳገቱን ስንያያዘው ከወንበሯ ቀና ብላ እጄን ያዘችኝ።

«እቴ፣ እኔም ወንድም አለኝ። ወደ ሰሜን ዘምቶ ድምፁ ጠፋ። ሞተም አላሉን፣ አለም አላሉን። የት እንደወደቀ ካላወቅኩ መጥራት እችላለሁ? ጠይቂልኝ።»

ለሕያው መልስ እንደማይሰጥ አውቃለሁ። ግን እንዴት እንቢ ልበላት? ጎንበስ ብዬ ነገርኩት። ሲፎ ቅርንጫፉን አስተካክሎ አስቀመጠ። ከዚያ ወደ ባዶው ወንበር ዞረና፣ ሁላችንም እንድንሰማው ይመስለኛል፣ በአማርኛ ተናገረ።

«ቴምባ፣ ከኋላችን አንዲት እኅት አለች። ወንድሟ የቤቱን መንገድ አላገኘም። በመንገድ ካየኸው ይዘኸው ና።»

«ጥላሁን ይባላል» አለች ሴትየዋ ቶሎ።

«ጥላሁን ይባላል» አለ ሲፎ።

ያዳመጠው ሰው ብዙ ነበር። አንዲት አሮጊት ነጠላቸውን ፊታቸው ላይ ሸፈኑ። ጋቢ የለበሱት ገበሬ አንድ ስም በለሆሳስ ተናገሩ፤ የማን እንደሆነ አልጠየቅናቸውም። ፍቼ ላይ ሴትየዋ ስትወርድ ለሲፎ ሳይሆን ለወንበሩ እጅ ነሣች። «በሉ፣ በሰላም ይግቡ» አለች።

ቤት

አዲስ አበባ ስንደርስ መሽቶ ነበር። ሲፎ በእጁ ተሰናብቶኝ ወደ ማደሪያው ሄደ፤ ከዚያም አገሩን ለቀቀ። እኔ ወደ ጎጃም የሄድኩት የሰው ባህል ላስተረጉም ነበር። ስመለስ ግን ሕዝብ ከሕዝብ ጋር የሚተዋወቀው በሚቀብራቸው ሳይሆን፣ ከቀበረ በኋላም ጠርቶ በሚያስገባቸው እንደሆነ ተረድቼ ገባሁ።

ወራት ካለፉ በኋላ ከዚያ በኩል የመጣ አንድ ተማሪ ወሬውን ነገረኝ። ሲፎ ድንበሩን መሻገር ስለማይችል ቅርንጫፉን ለአክስቱ አስረክቧል፤ አክስቱም እንደ ወጉ ከሕያው ሰው ሳይነጋገሩ ተሻግረው ከእናቱ ደጅ አድርሰዋል። በሬ ታረደ፣ የማሽላ ጠላ ተጠመቀ። ቅርንጫፉን በቤቱ ውስጠኛ ጥግ፣ የአባቶች ቦታ በሚሉት፣ ሊያኖሩት ሲሉ አክስቱ የሲፎን የመጨረሻ አደራ ተናገሩ፦ ከቴምባ ጋር ሌላም ሰው መጥቶ ሊሆን ይችላል፤ ስሙ ጥላሁን ነው።

እናቲቱ ስሙን ለመልመድ ሁለት ጊዜ ደጋግማ ጠራችው። «ይግባ» አለች፤ ከቴምባ ዋንጫ ጎንም ሁለተኛ ዋንጫ ጠላ ቀድታ አኖረች።