አባቴ የሚያመጣው ልምጭ

ባለፈው ሳምንት ከአገና ወደ ወልቂጤ በሚኒባስ ስመጣ አጠገቤ የተቀመጠ ተማሪ ጥርሱን ይፍቅ ነበር። መስኮቱ አይከፈትም፣ ረዳቱ ሰው ይጭናል፣ እኔ እነጫነጫለሁ። ድንገት አንድ ሽታ መጣ፤ እንስላልም ሎሚም የሚመስል፣ አፍንጫ የሚቆነጥጥ። «ልምጭ ነው እንዴ?» አልኩት። «አዎ እትዬ፣ ይፈልጋሉ?» ብሎ ከቦርሳው ሌላ መፋቂያ አወጣልኝ። ተቀበልኩት እንጂ አልፋቅኩበትም። እስከ ወልቂጤ ሳሸተው መጣሁ።

ይኸውልሽ፣ እኔ ከልጅነቴም መቀመጥ የማይሆንልኝ ሰው ነኝ። አክስቴ፣ የአባቴ እህት፣ «የዚች ልጅ ቂጥ መሬት አይነካም» ትል ነበር። እንዲህ ያለውን ሰው ነው እንግዲህ ለሠርግ ብለው ክረምቱን ሙሉ ጓዳ የዘጉበት።

መንግሥት ከተለወጠ ብዙም አልቆየም፤ አሥራ ሰባት ዓመቴ ነበር። የመስቀል ሰሞን ልዳር ነው፤ ሙሽራው ወልቂጤ ሱቅ አለው። በኛ መንደር ለመዳር የተዘጋጀች ልጅ ፀሐይ አይንካት፣ ሥራም አይንካት ይባላል። ቅቤ ይቀቡሻል፣ ክትፎውን በቆጮ ያጎርሱሻል፣ በቃኝ ስትዪ ይጨምሩልሻል። ከዚያ ጥርስ መፋቅ ነው፤ ጠዋት ፍቂ፣ ማታ ፍቂ። ዝናቡ የእንሰቱን ቅጠል ሲደበድብ እሰማለሁ። ጀፎረው ላይ፣ ሰፊው የሣር መንገዳችን ላይ፣ ልጆች ይጮኻሉ። እኔ ጨለማ ውስጥ ቅቤ አንገቴ ላይ እየወረደ ጥርሴን እፍቃለሁ። ላብድ ምንም አልቀረኝም ነበር።

መፋቂያውን የሚያመጣልኝ አባቴ ነው። ዝምተኛ ሰው ነበር። ድሮ ዛፍ ላይ ወጥቼ ሲያገኘኝ እግሬን የሚገርፈኝ በልምጭ ነበር፤ አሁን ያንኑ ልምጭ ልጦ፣ ጫፉን አለስልሶ በጓዳው መጋረጃ ሥር ያቀብለኛል። የማየው እጁን ብቻ ነው። ስለ ሠርጉ ሴቱም ወንዱም ሲያወራ እሱ አንዲት ቃል አልተናገረም። እኔን ያቁነጠነጠኝ ይሄ ነበር። ልሂድ ወይስ ልቅር የሚለውን ከራሴ ጋር ስሟገት፣ እሱ ምን እንደሚል ሳላውቅ መቁረጥ አቃተኝ።

በገበያ ቀን ሴቶቹ አገና ሲወርዱ አክስቴ በር ላይ እንደተቀመጠች እንቅልፍ ወሰዳት። ነጠላ ተከናንቤ በጓሮ፣ በእንሰቱ መሐል ሾልኬ ወጣሁ። ከመንደሩ በታች ያለው ጫካ እስክደርስ ሮጥኩ። እዚያ ዝግባውና ጥቁር እንጨቱ ሰማዩን ዘግተውት መሬቱ ቀን ሙሉ እርጥብ ነው፤ የዛፍ ሽበት ይንጠለጠላል፣ ጉሬዛ ከላይ ይዘላል። ልምጭ የሚኖረው ከነዚህ ሥር ነው። ቀጭን፣ ትንሽ ዛፍ ነው፤ ትልልቆቹን አልፎ ልውጣ ብሎ አይታገልም። ስታልፊ ቅጠሉ ከነካሽ ሽታው ልብስሽ ላይ ያድራል።

አባቴ እዚያ ነበር፤ ማጭድ በአንድ እጁ፣ የተቆረጠ ልምጭ በሌላው። አየኝ። አበቃልኝ፣ ሊገርፈኝ ነው ብዬ እግሬን ሰበሰብኩ።

«እየጠፋሽ ነው?» አለኝ።

«አይደለም አባዬ። ትንፋሽ አጥሮኝ ነው።»

ጉቶ ላይ ተቀመጠ። «ነገ ሽማግሌዎቹ ቀን ሊቆርጡ ይመጣሉ። ልብሽ ካልፈቀደ አሁን ንገሪኝ። የምመልሳቸው እኔ ነኝ፤ የሰዉንም አፍ የምችለው እኔ ነኝ።»

ክረምቱን ሙሉ የናፈቀኝ ቃል ይህ ነበር። መቅረት እንደምችል ሳውቅ መሄዱ አላስፈራኝም። «እሄዳለሁ» አልኩት። ከዚያ ከጉቶው አጠገብ የበቀለች ስንዝር የማትሞላ ችግኝ አሳየሁት። «ግን ይህችን ስጠኝ።»

«ልምጭ ጥላ ይወዳል። ወልቂጤ ፀሐይ ነው፣ አይጸድቅልሽም።»

«ይጸድቃል።»

«እልኸኛ» አለና በማጭዱ ጫፍ ከነአፈሯ አውጥቶ በኮባ ቅጠል ጠቀለላት።

የባሌ ቤት የጅማ መንገድ ዳር ነበር። ሌሊቱን የጭነት መኪና ሲያልፍ ጣራው ይንቀጠቀጣል፤ እኔም ተነሥቼ ግቢውን እዞራለሁ። ችግኟን ደጃፍ ላይ ተከልኳት። ለገና ደርቃ ነበር።

በዓመቱ መስቀል አለፍ እንዳለ አባቴ መጣ። «የዳርኩት ልጅ ቤት ያለ ጉዳይ ምን ልሠራ እሄዳለሁ» የሚል፣ ሰው የሚያፍር ሰው ነበር። ጭኑ ላይ በእርጥብ ኮባ የተጠቀለለ ነገር ይዞ ከአውቶቡስ ሲወርድ ልብሱ ሁሉ ልምጭ ልምጭ ይሸታል።

«ጸደቀ?» አለኝ፣ ሰላምታ ሳይጨርስ።

«አልጸደቀም።»

«አላልኩሽም?» ፊቱ በራ። ያመጣውን ተከለ፣ በላ፣ አደረ፣ ሄደ። ያም ችግኝ ደረቀ። በሚቀጥለው ዓመትም እንዲሁ። ባሌ ተጫዋች ነው፤ «አባትሽ ጫካውን አንድ በአንድ ወልቂጤ ሊያስገባው ነው» እያለ ይስቃል። ልጆቼ አያታቸውን በልምጭ ሽታው ነው የለዩት።

በኋላ ባሌ የተከለው አቮካዶ ሰፋና ግቢውን አጠላው። አባቴ የዚያን ዓመት ያመጣትን ችግኝ ከሥሩ ተከለ። ቀና ብሎ አቮካዶውን አየ፤ ብዙ ቆመ። ከሁለት ወር በኋላ አዲስ ቅጠል አወጣች። ደስታዬን ብታዪ። ወደ አገና የሚወጣ ነጋዴ ሮጬ ያዝኩና «ለአባዬ ጸደቀ በልልኝ» ብዬ ላክሁበት።

በመስቀል አባቴ አልመጣም። ክትፎው ተሠርቶ ቀረ። አውቶቡስ በቆመ ቁጥር ከቤት ወደ መንገድ፣ ከመንገድ ወደ ቤት ስመላለስ ሰነበትኩ። ልቤ አልቆም ሲል ሕፃኑን አዝዬ አገር ቤት ወጣሁ። ደጁ ላይ ፀሐይ ሲሞቅ አገኘሁት፤ ከስቷል። «ምነው ቀረህ አባዬ?» አልኩት።

«ጸደቀ ብለሽ ላክሽብኝ አይደል? ታዲያ በምን ጉዳይ ልምጣ?» አለኝ።

በልጉ ሳይገባ ሞተ። ጫካው ለባሕር ዛፍ ተመነጠረ፤ ከባሕር ዛፍ ሥር ጥላ የሚወድ ነገር አይኖርም። የኔው ልምጭ ግን አቮካዶው ሥር ቤቱን ሊያክል ነው፤ የሰፈሩ ሰው ሁሉ መፋቂያ ይቆርጥበታል። እኔም እስከ ዛሬ የመስቀል ሰሞን መቀመጥ አልችልም። የግቢው በር በተንኳኳ ቁጥር ቀድሜ የምነሣው እኔ ነኝ። ልብሱ ልምጭ እየሸተተ «ጸደቀ?» ቢለኝ፣ ዛፉን በጀርባዬ ከልዬ «አልጸደቀም አባዬ» እለው ነበር።